ከአንቺም በፊት የተፈታ ጦር

ከወልድያ ወደ ደብረ ታቦር የሚያልፈው መንገድ ጋሸና ላይ ይለያያል። አንዱ ቅርንጫፍ ወደ ሰሜን ወርዶ ላሊበላ ይገባል፤ አንዱ በኮን በኩል ወደ ደላንታና ወደ ደሴ ያቀናል፤ ዋናው የመቄትን ደጋ ይዞ በፍላቂትና በደብረ ዘቢጥ አድርጎ ወደ ጋይንት ይሻገራል። ከደጋው በስተ ሰሜን ወደ ተከዜ የሚወርዱ ወንዞች የቦረቦሩት ቆላ፣ በስተ ደቡብ የጅጣ ገደል አለ። ከበጌምድር ወደ ወሎ ወይም ከወሎ ወደ በጌምድር ጦር ይዞ ለመሻገር ያሰበ ሁሉ ከዚህ ደጋ ሌላ ብዙ ምርጫ አልነበረውም። ዐፄ ቴዎድሮስ በ1860 ዓ.ም. ሴባስቶፖልን እያስጎተቱ ወደ መቅደላ ያለፉት በዚሁ አካባቢ፣ በዋድላና በደላንታ በኩል ነው፤ በ2013 እና በ2014 ዓ.ም. የሰሜኑ ጦርነትም የጋሸና ስም ከዜና ያልጠፋው በዚሁ መንገድ ምክንያት ነው። የበጌምድሩ ገዥ ራስ ጉግሣ ወሌና የማዕከላዊው መንግሥት ጦር ሰኞ መጋቢት 22 ቀን 1922 ዓ.ም. የተጋጠሙት በዚህ ደጋ ላይ፣ ደብረ ዘቢጥ አጠገብ፣ አንቺም በተባለው ስፍራ ነው። ራስ ጉግሣ በዚያው ዕለት ወደቁ። መጋቢት 24 ቀን ንግሥት ዘውዲቱ አዲስ አበባ ላይ ዐረፉ፤ በማግስቱ ንጉሥ ተፈሪ መኰንን ዐፄ ኃይለ ሥላሴ ተብለው ተሰየሙ። የአንድ ሥርዐት ፍጻሜ በአንድ ሳምንት ውስጥ ተጠናቀቀ።

ስለዚህ ጦርነት ብዙ ጊዜ የሚነገረው አውሮፕላኑ ነው። በኢትዮጵያ ታሪክ አውሮፕላን መጀመሪያ የተዋጋው አንቺም ላይ ነው፤ ከሰማይ ቦምብ ሲወርድ አይቶ የማያውቅ ጦር ደነገጠና ተበተነ፤ አዲሱ ዘመን አሮጌውን በአንድ ጠዋት አሸነፈው ይባላል። ይህ አተራረክ ለትምህርት ቤት መጽሐፍ ይመቻል፤ ሐሰትም አይደለም። ትልቁን ሥራ ግን ይሸፍነዋል። የራስ ጉግሣ ሠራዊት የተፈታው ቦምቡ ከመውደቁ በፊት ነው፤ የፈታውም ደብዳቤ፣ መልእክተኛ፣ ወሬ፣ ግዝትና ተስፋ ነው። ከጦርነቱ በፊት በነበሩት ወራት ዋናው ፍልሚያ የተካሄደው ማን ለማን ጻፈ፣ ማን መልስ ሰጠ፣ ማንስ ዝም አለ በሚለው ላይ ነበር። ለዘውድ ተነሥቶ የከሸፈ አመፅን መነሻ አድርጎ የስለላና የጀብዱ ልብ ወለድ ለመጻፍ ለሚያስብ ኢትዮጵያዊ ደራሲም ከዚህ የበለጠ ጉዳይ በአገሩ አያገኝም፤ ግን መፈለግ ያለበት ከአውሮፕላኑ ሳይሆን ከመልእክተኛው እግር ሥር ነው።

መጀመሪያ አመፁ የማን አመፅ እንደ ነበረ መታየት አለበት። ራስ ጉግሣ የእቴጌ ጣይቱ ወንድም የራስ ወሌ ብጡል ልጅ ናቸው። አባታቸው የጁን የገዙ ሰው ስለሆኑ ከላስታ በስተ ምሥራቅ ያለው አገር ለጉግሣ ባዕድ አልነበረም። በዐፄ ምኒልክ ዘመን የንጉሠ ነገሥቱን ልጅ ዘውዲቱን አግብተው ኖሩ። ልጅ ኢያሱ መስከረም 17 ቀን 1909 ዓ.ም. ከሥልጣን ተሽረው ዘውዲቱ ሲመረጡ፣ የሸዋ መኳንንት የጣይቱ ቤት በባል በኩል ተመልሶ ቤተ መንግሥት እንዳይገባ ፈሩ። ዘውዲቱ የካቲት 4 ቀን 1909 ዓ.ም. ዘውድ ሲጭኑ ባላቸው አጠገባቸው አልነበሩም፤ ከሚስታቸው ተለይተው በጌምድርን እንዲገዙ ተደረገ። አልጋ ወራሽና እንደራሴ የሆኑት ራስ ተፈሪ ናቸው። ስለዚህ ጉግሣ በ1922 ዓ.ም. ሲነሡ የዘውድ ባለቤትነት ጥያቄ አላነሡም፤ የተነሡት ዘውዱ ለተጫነላት ሴት ሥልጣኗ ይመለስላት የሚል ጥያቄ ይዘው ነው። የሚስት ክብርና የመንግሥት ጉዳይ በአንድ ሰው ልብ ውስጥ የተቋጠሩበት እንዲህ ያለ አመፅ በታሪካችን ብዙ አይገኝም። ጉግሣ ለትምህርትና ለመጻሕፍት የሚያደሉ፣ በሃይማኖታቸውም ጽኑ የተባሉ ሰው ስለ ነበሩ፣ በዙሪያቸው ለተሰበሰበው ካህንና ባላገር ነገሩ ከሥልጣን ሽሚያ በላይ መስሎ ነበር።

በሌላው ወገን ያሉት ንጉሥ ተፈሪ ግን ተቃዋሚን ሳይዋጉ ማሸነፍን በሚገባ የተለማመዱ ነበሩ። የካቲት 1920 ዓ.ም. የሲዳሞው ገዥ ደጃዝማች ባልቻ ሳፎ ብዙ ጦር አስከትለው አዲስ አበባ መጡና ንፋስ ስልክ ሰፈሩ። በክብር ግብር ተጠርተው ቤተ መንግሥት ገብተው ሲበሉና ሲጠጡ፣ ልዑል ራስ ካሣ ኃይሉ ወደ ሰፈሩ ሄደው ወታደሩን በገንዘብና በቃል አግባብተው በተኑት። ባልቻ ከግብሩ ሲመለሱ ያገኙት ባዶ ሰፈር ነው፤ ግዛታቸውም ለሌላ ሰው ተሰጥቷል። ከጥቂት ወራት በኋላ የቤተ መንግሥት ሰዎች በእንደራሴው ላይ ተነሥተው በምኒልክ መቃብር ቤት ሲመሽጉ ያ ሙከራም ከሸፈና መስከረም 27 ቀን 1921 ዓ.ም. ተፈሪ ንጉሥ ተባሉ። የድሮውን ሥርዐት የደገፉት ሁለት ትልልቅ ምሰሶዎች፣ ፊታውራሪ ሀብተ ጊዮርጊስና አቡነ ማቴዎስ፣ ቀደም ብለው በ1919 ዓ.ም. ሞተዋል። የባልቻ ነገር ለአንቺም ቁልፍ ነው ብዬ አምናለሁ። የአንድ መስፍን ጦር መስፍኑን ተከትሎ የሚመጣ እንጂ ለአንድ ዓላማ የማለ ጦር እንዳልሆነ፣ ስለዚህም መሪውን ሳይነኩ ከሥሩ መሸርሸር እንደሚቻል ተፈሪ ንፋስ ስልክ ላይ በተግባር አሳይተዋል። በአንቺም የተደረገው ይኸው ነው፤ ልዩነቱ ሰፈሩ ከአንድ ከተማ ዳር ተነሥቶ ከጎንደር እስከ ላስታ መስፋቱ ብቻ ነው።

የዚያን ዘመን የምስጢር መንገድ እንዴት ይሠራ እንደ ነበር ጠጋ ብሎ ማየት ይጠቅማል። በመኳንንት መካከል የሚላክ ደብዳቤ ብዙ ጊዜ አጭር ነው። ከላይ ማኅተም፣ ቀጥሎ ሰላምታ፣ የጤና ጥያቄ፣ ከዚያ አንድ ሁለት መስመር፤ መጨረሻ ላይ ቀሪውን ነገር መልእክተኛው በቃል እንደሚያስረዳ ይጠቀሳል። ዋናው ነገር ያለው በወረቀቱ ላይ አይደለም፤ በሰውዬው አፍ ውስጥ ነው። ወረቀቱ ቢያዝ የሚገኘው ሰላምታ ነው። ማኅተሙ የሚያገለግለው መልእክተኛው የእውነት የላኪው ሰው መሆኑን ለማሳየት ነው። ስለዚህ ለመልእክተኛነት የሚመረጠው ሰው ፈረስ ጋላቢ ወይም ጉልበታም መሆኑ ብቻ አይበቃውም፤ ቃል የማይጨምር፣ ቃል የማይቀንስ፣ ሲጠጣ የማይለፈልፍ፣ ሲመታ የማያወጣ ሊሆን ይገባዋል። ሰላይም እንደዚሁ ነው። በደጋው መንገድ ላይ ማንም የት ትሄዳለህ ብሎ የማይጠረጥራቸው ሰዎች ነበሩ፦ አሞሌ የጫነ ነጋዴ፣ ኮሮጆውን ያንጠለጠለ የቆሎ ተማሪ፣ መሲንቆውን የያዘ አዝማሪ፣ ለገና ወደ ላሊበላ የሚወርድ ተሳላሚ። ከበጌምድር፣ ከዋግ፣ ከየጁ፣ ከትግራይ የሚመጣ ሕዝብ በየዓመቱ ታኅሣሥ 29 ላሊበላ ላይ ሲገናኝ የየአገሩ ወሬ አብሮ ይገናኛል፤ ማን እንደ ሸፈተ፣ የማን ጦር እንደ ተነሣ፣ እህል የት እንደ ተወደደ እዚያ ይሰማል። ለመስፍን ይህ ከመቶ ጠመንጃ የሚበልጥ ሀብት ነው፤ ግን ሁለቱም ወገን እኩል የሚሰሙት ስለሆነ ማንንም ለብቻው አይጠቅምም።

አዲስ አበባን የጠቀማት ከዚህ ሌላ የያዘችው ነገር ነው። ብርሃንና ሰላም ጋዜጣ ከ1917 ዓ.ም. ጀምሮ ይታተም ነበር፤ ማተሚያ ቤቱ የንጉሥ ተፈሪ ነው። ከአዲስ አበባ ወደ አሥመራ የተዘረጋው የቴሌግራፍ ሽቦም የአገሩን ምሥራቃዊ ደጋ ይዞ ያልፋል። ንጉሡ አንድ አዋጅ አስበው፣ አስጽፈውና አሳትመው በብዙ ቅጂ በአንድ ጊዜ ለብዙ ሰው ማድረስ ሲችሉ፣ ጉግሣ አንዱን ደብዳቤ ለአንዱ ሰው በእግረኛ ይልካሉ። ሕዝብን ሲያነሡ በአዋጅ ነጋሪትና በካህናት ቃል ነው፤ የተፈሪ ሃይማኖት እንዲጠረጠር፣ የባዕድ ወዳጅ እንዲባሉ የሚያደርገው ወሬ በበጌምድር የተሰራጨው በዚህ መንገድ ነው። ከሁሉ የሚከፋው ደግሞ ጉግሣ የወጠኑት ነገር የሌሎች መኳንንትን መነሣት የሚጠይቅ መሆኑ ነው። ከጎጃም ራስ ኃይሉ ተክለ ሃይማኖት፣ ከትግራይ ራስ ሥዩም መንገሻ ቢነሡ ኖሮ የሰሜን ደጋ ሁሉ በአንድ ቀን ይነቃነቅ ነበር። ሁለቱም የትልቅ ቤት ልጆች ናቸው፤ ሁለቱም የአዲስ አበባን ማየል የሚወዱ አልነበሩም። ጉግሣም ተስፋቸውን በእነሱ ላይ ጥለው ነበር። የመጣ የለም።

የላስታና የአካባቢዋ ታሪክ በዚህ ውስጥ የሚታየው በልዑል ራስ ካሣ በኩል ነው። የራስ ካሣ አባት ደጃዝማች ኃይሉ ወልደ ኪሮስ የላስታ ገዥ፣ ዐፄ ተክለ ጊዮርጊስ ተብለው የነገሡት የዋግሹም ጎበዜ ወንድም ናቸው። በእናታቸው በኩል ደግሞ ካሣ የሸዋው የንጉሥ ሣህለ ሥላሴ ዘር ናቸው። በዘር ቢቆጠር ለዙፋኑ ከተፈሪ የማያንስ መብት አላቸው የሚሉ ብዙ ነበሩ። የላስታና የዋግ ባላባት ከአዲስ አበባ የሚፋቀርበትም የሚጣላበትም በቂ ምክንያት ነበረው፤ ዐፄ ተክለ ጊዮርጊስ ዘውዳቸውን ካጡ ያኔ ስድሳ ዓመት አልሞላቸውም። እንዲህ ያለ ሰው ወደ ጉግሣ ቢያዘነብል ደብረ ዘቢጥ የጦር ሜዳ መሆኗ ቀርቶ የአመፁ በር ትሆን ነበር። ካሣ ግን ከተፈሪ ጋር ጸኑ። በጉግሣ ጀርባ፣ በሰሜን በኩል፣ ደጃዝማች አያሌው ብሩ ነበሩ፤ ከጉግሣ ጋር ዝምድና ያላቸው፣ በወገራና በስሜን ትልቅ ስም ያላቸው ሰው። እሳቸውም ከመንግሥት ወገን ቆሙ። ራስ ጉግሣ ከደብረ ታቦር ወደ ምሥራቅ ሲንቀሳቀሱ ጀርባቸው በጠላት ተይዟል፣ ግራ ቀኛቸው ዝም ብሏል፣ ከፊታቸው የጦር ሚኒስትሩ ደጃዝማች ሙሉጌታ ይገዙ የመሐል ሰፋሪን ጦር ይዘው ይጠብቃሉ። ይህን ያየ ወታደር ቦምብ ሳይወድቅበት በፊት ቆጥሮ ጨርሷል።

ከዚያ በኋላ የመጣው ወረቀት ነው። ያን ጊዜ በቤተ ክርስቲያን አንድ ታላቅ ነገር ተፈጽሟል፦ በ1921 ዓ.ም. ካይሮ ላይ አራት ኢትዮጵያውያን መነኮሳት ጵጵስና ተቀብለው ከአዲሱ ሊቀ ጳጳስ ከአቡነ ቄርሎስ ጋር ሆነዋል፤ በሚቀጥለው ዓመት እጨጌው አምስተኛ ሆነው ተሾሙ። የኢትዮጵያ ልጆች ጳጳስ ሲሆኑ ያ የመጀመሪያው ነው። በጉግሣ ላይ ከሊቀ ጳጳሱና ከእነዚህ ጳጳሳት የወጣው ቃል እንግዲህ ከእስክንድርያ የመጣ የአንድ ባዕድ ቃል ብቻ አልነበረም። ጉግሣን የተከተለ የተወገዘ ይሁን የሚለው ወረቀት ታትሞ፣ ሰዎች ይዘውት ሄዱ፤ በአውሮፕላንም በሠፈረው ጦር ላይ ተበተነ። የጉግሣ ዋና ክስ የሃይማኖት ክስ ነበር፤ ግዝቱ ክሱን ከሥሩ ነቀለው። ጊዜውም የሁዳዴ ጾም ነው። የጦርነቱ ዋዜማ እሑድ መጋቢት 21 ቀን ገብር ኄር ነበር፤ ለጌታው የታመነው ባሪያና ያልታመነው ባሪያ የሚነበብበት ሰንበት። ጾም ይዞ፣ በሰንበት ቆርቦ ወይም አስቀድሶ፣ በማግስቱ ለውጊያ የሚወጣ ገበሬ ያን ወረቀት ካህን ሲያነብለት ምን እንደሚሰማው ለማወቅ ልብ ወለድ አያስፈልግም። ለመሞት ጀግንነት አያንሰው ይሆናል፤ በግዝት መሞት ግን ሌላ ነገር ነው። ጉግሣ ከተነሡበት ሠራዊት ብዙው አንቺም ሳይደርስ ተለይቷቸዋል።

እዚህ ላይ የሚነሣ ጠንካራ ተቃውሞ አለ። ሠራዊቱ የተበተነው በአውሮፕላኑ ነው፣ ፈረንሳዊው አብራሪ አንድሬ ማዬ ባይኖር ጉግሣ ማሸነፍ ይችሉ ነበር የሚል። የመጀመሪያው ፖቴዝ አውሮፕላን አዲስ አበባ የደረሰው ነሐሴ 12 ቀን 1921 ዓ.ም. ነው፤ ጦርነቱ ሲደረግ ገና ስምንት ወር አልሞላውም። በአገሩ ሰማይ እንግዳ የሆነ ነገር ሲያጉራራ ሕዝብ መደንገጡ አያጠራጥርም፤ ቦምቡም ሰው ገድሏል። ይሁን እንጂ በጥቂት አውሮፕላኖች የሚጣለው የዚያን ጊዜ ቦምብ በጠቅላላው ጦር ላይ የሚያደርሰው ጉዳት ትንሽ ነው። ቆርጦ የመጣ ጦር ከእንዲህ ያለ ድንጋጤ በኋላ እንደገና ሊሰባሰብ ይችላል፤ ከስድስት ዓመት በኋላ በጣሊያን አውሮፕላኖች ብዛትና በመርዝ ጢስ ሥር ሳይቀር የኢትዮጵያ ጦር ተዋግቷል። አንቺም ላይ ያልተሰባሰበው ቀድሞ ስለላላ ነው። አውሮፕላኑም በመጀመሪያ የሠራው ሥራ የመልእክተኛ ሥራ ነው፤ ወረቀት ይዞ በጉግሣና በወታደሮቻቸው መካከል ገባ። ከእግረኛ የሚለየው ማንም ሊይዘው፣ ማንም ሊያስቀረው አለመቻሉ ነው። ይህን ስል ግን ጦርነቱ ያለ ውጊያ አለቀ ማለቴ አይደለም። የሙሉጌታ ጦር የተሻለ መሣሪያ ይዞ ተዋግቷል፤ የቀሩት የጉግሣ ሰዎችም ተዋግተው ወድቀዋል፤ ጉግሣ ራሳቸው ለመሸሽ ሳይሞክሩ በውጊያው መካከል ሞተዋል።

ሌላው ተቃውሞ ስለ ምንጮቹ ነው። ስለ አንቺም የምናውቀው አብዛኛው ከአሸናፊው ወገን የመጣ ነው። ዐፄ ኃይለ ሥላሴ በ«ሕይወቴና የኢትዮጵያ እርምጃ» የጉግሣን ነገር ሲተርኩ ትዕግሥታቸውንና ማስጠንቀቂያቸውን ያሳያሉ፤ ከድል በኋላ የሚጻፍ ታሪክ ሁሉ ቀድሞ የታሰበና የተቀነባበረ ያስመስላል። ይህ ትክክለኛ ጥርጣሬ ነው። ስለዚህ ክርክሬን የማቆመው በአሸናፊው ትረካ ላይ ሳይሆን ትረካው ሊደብቀው በማይችለው ድርጊት ላይ ነው፦ ጎጃም አልተነሣም፤ ትግራይ አልተነሣም፤ አያሌው ከጉግሣ ጋር አልሆኑም፤ ካሣ ከተፈሪ አልተለዩም። እነዚህ አራቱ ማንም በድል ማግስት የፈጠራቸው አይደሉም። በአመፁ የጣሊያን እጅ አለበት ለሚሉትም መልሱ ከዚሁ ይመጣል። ጣሊያን በሰሜን ኢትዮጵያ ቆንስሎች ነበሯት፤ ከኤርትራ በኩልም በመኳንንቱ መካከል መቃቃር እንዲሰፋ ትሠራ ነበር። ነገር ግን በሐምሌ 1920 ዓ.ም. የአዲስ አበባና የሮም የወዳጅነት ውል ተፈርሟል፤ አንቺም ላይም ለጉግሣ የተሰለፈ የባዕድ ጦር አልነበረም። ጉግሣ የወደቁት ብቻቸውን ነው።

ከሁሉ በላይ ደግሞ ዘውዲቱ አሉ። አመፁ የተነሣው ለሳቸው ነው፤ እሳቸው ግን ጉግሣ እንዲያቆሙ ደጋግመው ለምነዋል፣ አዝዘዋልም። ንግሥቲቱ ይህን በፈቃዳቸው አደረጉት ወይስ በንጉሡ ግፊት? ሁለቱም ቢሆን ውጤቱ አንድ ነው። ከቤተ መንግሥት የወጣው የንግሥቲቱ ቃል ለጉግሣ ሲደርስ፣ ጉግሣ ሁለት ነገር ብቻ ሊያስቡ ይችላሉ፦ ወይ ሚስታቸው ከልብ አትፈልጋቸውም፣ ወይ ታስራለች። ለአንድ ታማኝ ሰው ሁለተኛውን ማመን ይቀላል። ያመኑም ይመስለኛል። እዚህ ላይ ነው የታሪክ ጸሐፊና የልብ ወለድ ደራሲ መንገዳቸው የሚለያየው። የታሪክ ጸሐፊ ትእዛዙ መኖሩን ይመዘግባል። ደራሲው ያን ትእዛዝ ከአዲስ አበባ ተሸክሞ፣ ተራራ ወጥቶ ተራራ ወርዶ፣ ሞትን እያሰበ ወደ ጉግሣ ድንኳን የሚገባውን መልእክተኛ መከተል ይችላል፤ ወረቀቱ አቁም ይላል፣ በቃል ምን ተባለ? በቃል የተባለው ነገር ለዘለዓለም የሚቀረው በመልእክተኛው ዘንድ ነው። የሌሎች አገሮች ደራስያን ለወደቀ ንጉሣዊ ቤት የተነሡ አመፆችን ይዘው ሰላዮችን፣ ድብቅ ደብዳቤዎችንና ሌሊት የሚሻገሩ መልእክተኞችን ሲጽፉ ኖረዋል፤ የእነሱ ችግር ብዙውን ጊዜ ንጉሡ ሩቅ አገር መሆኑ ነው። የእኛ ንግሥት ግን በዙፋኗ ላይ ተቀምጣለች፤ አመፁን የምታወግዘውም በራሷ ማኅተም ነው። ከዚህ የሚጠነክር የታሪክ መነሻ ለደራሲ አይገኝም።

ንግሥቲቱ በመጋቢት 24 ቀን መሞታቸው ራሱ ብዙ ወሬ አስነሥቷል። ሕመም እንደ ነበራቸው፣ በጾም ተዳክመው ሳለ በቀዝቃዛ ጸበል እንደ ተነከሩ፣ የባላቸው ሞት ልባቸውን እንደ ሰበረው፣ ከዚህም የከፋ ነገር ተወርቷል። የጊዜው መቀራረብ ወሬውን ያጸናዋል፤ ወሬን ግን ምስክር አያደርገውም። ብዙ ሕመም ያለበት ሰው በጾምና በሐዘን መካከል መሞቱ በራሱ በቂ ምክንያት አለው።

የደብዳቤና የተስፋ ድል ግን የሚከፈል ዕዳ አለው፤ ይህንም ከአንቺም በኋላ ያለው ታሪክ ይመሰክራል። ለአያሌው ብሩ የጠበቁት ሹመት አልመጣላቸውም፤ በጌምድር ለራስ ካሣ ተሰጠ። ሕዝቡ ስለ አያሌው የዋህነት ግጥም ገጠመ፤ ጣሊያኖችም ቅሬታቸውን ሰምተው ሊያባብሏቸው ሞከሩ። ቀደም ሲል ጉግሣ እንዲዘምቱበት ታዝዘው ያመነቱበት፣ ከዚያም መንግሥት ራሱ የቀጣው የራያና የአዘቦ ሕዝብ ቂሙን ይዞ ቆየ። ለአንቺሙ ድል የራስነት ማዕረግ ያገኙት ሙሉጌታ ይገዙ በየካቲት 1928 ዓ.ም. ከአምባ አራዶም ሲያፈገፍጉ፣ ከላይ የጣሊያን አውሮፕላኖች፣ ከጎን የጣሊያን ገንዘብ የበሉ የአገሩ ሰዎች እየመቱዋቸው ሞቱ። ከአንድ ወር በኋላ ከማይጨው የሚመለሰው የንጉሠ ነገሥቱ ጦር በዚያው መንገድ ተወጋ። በጌምድርን ሲያስተዳድሩ የነበሩት የራስ ካሣ ልጅ ደጃዝማች ወንድ ወሰን በላሊበላ አካባቢ ደጋ ተሸሽገው ሲዋጉ በ1929 ዓ.ም. ተይዘው በጣሊያኖች እጅ ተገደሉ።